በ5 ዓመት 36 ሺህ ከፍለን ዕዳችን የቀነሰው 7 ሺህ ብቻ ነበር

የቤት ብድር ከወሰድን 5 ዓመት ሞልቶን ነበር። በእነዚያ ዓመታት አንድም ወር አላሳለፍንም። ደመወዝ ሲገባ መጀመሪያ የሚነሳው የቤቱ ክፍያ ነው፤ ሌላው ሁሉ ከእሱ በኋላ ይደርሳል። በዚህ መሃል ባለቤቴ በሥራ ምክንያት ሌላ ቦታ የመዛወር ዕድል አገኘ። ቤቱን ብንሸጠው ዕዳችንን ከፍለን ምን ይተርፈናል የሚለውን ማወቅ ነበረብን። ስለዚህ ባንኩን የቀሪ ዕዳ ደብዳቤ ጠየቅኩ።

ደብዳቤው ሲደርሰኝ ቁጥሩ የተሳሳተ መሰለኝ። ደግሜ አነበብኩት። ስማችን ትክክል ነው፣ የብድር ቁጥሩም የእኛው ነው።

ከዚህ በታች በምጽፈው ሁሉ ስሌቱ እንዲቀል ብድሩን 100 ሺህ እንበለው። ገንዘቡ የየትኛውም አገር ይሁን፣ አንባቢ በራሱ መጠን አባዝቶ ሊያየው ይችላል። የእኛ ብድር መጠኑ ይለያል እንጂ ወለዱ በዓመት 6 በመቶ ቋሚ፣ የመክፈያ ጊዜው 30 ዓመት ነው። በዚህ ሂሳብ የወር ክፍያው 599.55 ይሆናል።

በ60 ወር የከፈልነው 35 ሺህ 973 ነው። በደብዳቤው ላይ የሰፈረው ቀሪ ዕዳ ደግሞ 93 ሺህ 54። ማለትም 36 ሺህ ሊሞላ ትንሽ የቀረው ገንዘብ ከእጃችን ወጥቶ ዕዳችን የቀነሰው ከ7 ሺህ ባነሰ ነው።

በማግስቱ ባንክ ሄድኩ። የብድር ክፍል ሠራተኛዋን፣ «እህቴ፣ የከፈልነው የት ገባ?» አልኳት።

«ምንም የጎደለ የለም፤ ሁሉም ተመዝግቧል። አብዛኛው ግን ወለድ ነው» አለችኝ።

«5 ዓመት ሙሉ?»

«የመክፈያ ሰሌዳው ከውሉ ጋር ተያይዞ ተሰጥቶዎታል» አለችና ኮምፒውተሯን ወደ እኔ አዞረችልኝ። 360 መስመር ያለው ሰንጠረዥ ነው። ቤት ስመለስ የውሉን ፋይል አውጥቼ አየሁ። እውነቷን ነበር፤ ሰሌዳው ከውሉ ጀርባ ተያይዟል። በፈረምንበት ቀን አንድም ገጹን አልገለጥንም። እኛ ያየነው የወር ክፍያውን ብቻ ነው። «599 እንችላለን ወይ?» ብለን ተጠያየቅን፣ «እንችላለን» ተባባልን፣ ፈረምን።

ያን ዕለት ማታ ከባለቤቴ ጋር ወረቀትና እርሳስ ይዘን ተቀመጥን። ሰሌዳው እንዴት እንደሚሠራ የገባን ያኔ ነው። ነገሩ ከባድ ሂሳብ አይደለም፤ ማንም ሊሠራው ይችላል።

ባንኩ በየወሩ ወለድ የሚያስበው ባልተከፈለው ዕዳ ላይ ነው። የመጀመሪያው ወር ላይ ዕዳው 100 ሺህ ነው። የዓመቱ ወለድ 6 በመቶ ከሆነ የወሩ የዚያ 12ኛ እጅ፣ ማለትም ግማሽ በመቶ ነው። 500 ይሆናል። የከፈልነው 599.55 ስለሆነ 500ው ለወለድ ይሄዳል፤ ዕዳውን የሚቀንሰው 99.55 ብቻ ነው። በሁለተኛው ወር ዕዳው 99 ሺህ 900.45 ሆኗል። ወለዱ 499.50፣ ወደ ዋናው ገንዘብ፣ ማለትም ወደ ተበደርነው፣ የሚገባው 100.05። በአንድ ወር ውስጥ የተለወጠው 50 ሳንቲም ብቻ ነው። እንዲህ እያለ በኤሊ ፍጥነት ይሄዳል።

እኔና ባለቤቴ 12ቱን ወር በእጃችን ሠራን። የመጀመሪያው ዓመት ላይ ከከፈልነው 7 ሺህ 195 ውስጥ ዕዳውን የቀነሰው 1 ሺህ 228 ገደማ ነው። ከዚያ በኋላ እርሳሱን አስቀምጠን ወደ ኮምፒውተሩ ዞርን። ኤክሴል ላይ አራት ዓምድ ይበቃል። ቀሪ ዕዳ፣ የወሩ ወለድ፣ ወደ ዋናው የገባ፣ አዲስ ቀሪ ዕዳ። አንድ መስመር ከሠሩ በኋላ እስከ 360 መጎተት ነው። ብድር ሊወስድ የሚያስብ ሰው ሁሉ ከመፈረሙ በፊት ይህችን አንድ ምሽት ቢሰጣት እላለሁ። በእኔ ላይ ከየትኛውም ምክር የበለጠ የሠራችው እሷ ናት።

ሰንጠረዡ ሲያልቅ ያየናቸውን ነገሮች ልንገራችሁ።

በ10ኛው ዓመት ማብቂያ 71 ሺህ 946 ተከፍሎ ዕዳው ገና 83 ሺህ 686 ነው። በ20ኛው ዓመት ማብቂያ ከ143 ሺህ በላይ ተከፍሏል፤ ዕዳው ግን 54 ሺህ ነው። አስቡት፣ ከ30 ዓመቱ 20ው አልፎ የብድሩ ግማሽ እንኳ አልተነካም። ከወር ክፍያው ውስጥ ወደ ዋናው የሚገባው ከወለዱ የሚበልጠው በ223ኛው ወር ነው። ይህ ማለት ከ18 ዓመት ተኩል በኋላ ነው። መጨረሻ ላይ 360ው ወር ሲደመር የምንከፍለው 215 ሺህ 838 ነው። ወለዱ ብቻ 115 ሺህ 838። ከተበደርነው ይበልጣል።

ባለቤቴ ለረጅም ጊዜ ዝም አለ። ከዚያ፣ «ሁለት ቤት እየገዛን አንድ ቤት ነው የምንኖርበት» አለ። ያቺ ምሽት ቀላል አልነበረችም። ማንም አላታለለንም። ሁሉም ነገር ተጽፎ ነበር። የጎደለው የእኛ ጥያቄ ነው፤ ስለ ወር ክፍያው እንጂ ስለ ጠቅላላው ማንንም አልጠየቅንም።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ግልጽ ላድርግ። ወለድ ሁሉ ኪሳራ ነው እያልኩ አይደለም። ያለ ብድር ያንን ቤት ልንገዛው አንችልም ነበር። ብድሩ ባይኖር ኪራይ እንከፍላለን፤ ኪራይ ደግሞ ተመልሶ አይመጣም። ልጆቻችን በዚህ ቤት አድገዋል። ብድር መውሰዳችን አይቆጨኝም። የሚቆጨኝ 30 ዓመት የሚለውን ቁጥር እንደ ተራ ነገር ማለፋችን ነው። ሰው ሁሉ የሚከራከረው ስለ ወለዱ መጠን ነው፤ «እዚያ 5.75 ነው፣ እዚህ 6 ነው» ይላል። ጊዜውን ግን እንደ ጸጋ ይቀበለዋል። የተሰጠን ጊዜ በረዘመ ቁጥር የወር ክፍያው ስለሚያንስ ባንኩ የራራልን ይመስለናል።

እስቲ ያንኑ 100 ሺህ በዚያው 6 በመቶ ወለድ በተለያየ ጊዜ እንየው። በ20 ዓመት ቢሆን የወር ክፍያው 716.43 ነው፤ ጠቅላላ ወለዱ 71 ሺህ 943 ገደማ። በ15 ዓመት ቢሆን በወር 843.86 እና ወለዱ 51 ሺህ 894። ከ30 ወደ 20 ዓመት ለመውረድ በወር 117 ገደማ መጨመር ያስፈልጋል፤ የሚቀረው ወለድ ግን ወደ 44 ሺህ ነው። እኛ በዚያን ጊዜ 716 መክፈል እንችል ነበር ወይ? ትንሽ ጠበቅ ብለን፣ አዎ። ግን ማንም አማራጩን ጎን ለጎን አላስቀመጠልንም፤ እኛም አስቀምጡልን አላልንም።

የወለዱ መጠንም ቢሆን ቀላል ነገር አይደለም። በዚያው በ30 ዓመት ወለዱ ከ6 ወደ 7 በመቶ ቢያድግ የወር ክፍያው 665.30 ይሆናል። ልዩነቱ በወር 66 እንኳ አይሞላም። በ30 ዓመት ግን ከ23 ሺህ 600 በላይ ነው። «አንድ በመቶ ምን አላት» የሚል ሰው ሲያጋጥመኝ ይህንን ቁጥር እነግረዋለሁ።

ከዚያ በኋላ ያደረግነውን ልንገራችሁ። የሥራ ዝውውሩን ተውነው፤ ምክንያቱ ብድሩ ብቻ አልነበረም። ቤቱ ውስጥ ለመቆየት ከወሰንን ግን ሰሌዳውን መቀየር አለብን አልን። ከ61ኛው ወር ጀምሮ በየወሩ 100 ጨምረን መክፈል ጀመርን። 599.55 የነበረው 699.55 ሆነ። ይህ ጭማሪ በቀጥታ ዋናውን ስለሚነካ፣ ከዚያ በኋላ በዚያች 100 ላይ ወለድ አይታሰብም። በስሌታችን መሠረት ከቀረን 300 ወር ውስጥ ወደ 80 ወር ይቀነሳል። 6 ዓመት ከ8 ወር ማለት ነው። የሚቀርልን ወለድ 26 ሺህ 400 ገደማ።

ይህንኑ 100 ከመጀመሪያው ወር ጀምረን ብንጨምር ኖሮስ? ብድሩ በ21 ዓመት ያልቅ ነበር፤ የሚቀረው ወለድም 39 ሺህ 900 ገደማ። ልዩነቱ 13 ሺህ 500 ነው። ያ ሁሉ የሄደው ሰሌዳውን 5 ዓመት ዘግይተን ስለገለጥነው ነው። ለዚህ ነው ይህን ጽሑፍ በተለይ ገና ለሚፈርሙና በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ላይ ላሉ ሰዎች የምጽፈው። በብድር መጀመሪያ ላይ የሚጨመር ትንሽ ገንዘብ መጨረሻ ላይ ከሚጨመር ብዙ ገንዘብ ይበልጣል።

100 ለሚከብደው ሰው 50ም ትሠራለች። ከመጀመሪያው ወር ጀምሮ 50 የጨመረ ሰው ብድሩን በ24 ዓመት ተኩል ገደማ ይጨርሳል፤ ከ24 ሺህ በላይ ወለድም ይቀርለታል። ደመወዛቸው በየሁለት ሳምንቱ የሚገባ ሰዎች የወሩን ክፍያ ግማሽ በየሁለት ሳምንቱ የሚከፍሉት ለዚህ ነው። በዓመት ውስጥ 26 ጊዜ ግማሽ ሲከፈል 13 ሙሉ ክፍያ ይሆናል። አንዷ ትርፍ ክፍያ በ12 ወር ብትካፈል ወደ 50 ትጠጋለች።

ግን እዚህ ላይ እኛን ያጋጠመንን ስሙ። የመጀመሪያዎቹን ሦስት ወራት ጭማሪውን ከመደበኛው ክፍያ ጋር አብረን አስገባን። ከሦስት ወር በኋላ ስቴትመንት (የሂሳብ መግለጫ) ሳወጣ ዋናው ገንዘብ በድሮው ሰሌዳ መሠረት ብቻ ነው የቀነሰው። 300ው የት ሄደ? ባንኩ «የሚቀጥለው ወር ክፍያ ቅድሚያ» ብሎ ለብቻው አስቀምጦታል። ምንም ወለድ አልቀነሰልንም። ተመላልሰን፣ ማመልከቻ ጽፈን፣ ከከፈልንባቸው ቀናት ጀምሮ ወደ ዋናው ተዛወረልን። ሁለት ሳምንት ፈጀ። ስለዚህ ትርፍ ስትከፍሉ «ይህ ለዋናው ገንዘብ መቀነሻ ነው» ብላችሁ በጽሑፍ አሳውቁ። በሚቀጥለው ወር ደግሞ ስቴትመንቱን አይታችሁ አረጋግጡ።

ሌላም መጠየቅ ያለበት ነገር አለ። አንዳንድ አበዳሪ ትርፍ ሲከፈለው የወር ክፍያውን ይቀንስና ዘመኑን እንዳለ ይተወዋል። ይህ ለተቸገረ ሰው ጥሩ ነው። ወለድ ለመቀነስ ለፈለገ ሰው ግን የወር ክፍያው ባለበት ጸንቶ ዘመኑ ቢያጥር ይሻለዋል። አንዳንድ ውል ደግሞ ቀድሞ ለሚከፍል ሰው ቅጣት ያስቀምጣል፣ ወይም በዓመት ከተወሰነ መጠን በላይ መክፈልን አይፈቅድም። የእኛ ውል ቅጣት አልነበረበትም። የእናንተን ሳታነቡ አትጀምሩ።

ይህንን ስል ሰው ያለችውን ሁሉ ወደ ቤት ብድር ያፍስስ ማለቴም አይደለም። ወለዱ 15 እና 20 በመቶ የሆነ ሌላ ዕዳ ያለበት ሰው መጀመሪያ እሱን ይክፈል። ለክፉ ቀን የሚሆን የጥቂት ወራት ወጪም በእጅ መኖር አለበት፤ ባንክ የገባ ትርፍ ክፍያ ሥራ ሲጠፋ ብዙ ጊዜ ተመልሶ አይወጣም። እኛም 100ውን የጀመርነው የ4 ወር ወጪ ካጠራቀምን በኋላ ነው።

አሁን ስለ ታናሽ ወንድሜ ልንገራችሁ፤ የእሱ ታሪክ ከእኛ የበለጠ ያስተምራል። ቤት የገዛው ከእኛ 1 ዓመት ዘግይቶ ነው። ወለዱ 6 በመቶ፣ ዘመኑ 30 ዓመት። 10 ዓመት ከከፈለ በኋላ ሌላ አበዳሪ ደወለለት። «ብድርህን ወደ እኛ አዙር፤ በ5 በመቶ እንሰጥሃለን» አሉት። የወር ክፍያው ከ599 ወደ 449 ይወርዳል።

ደስ ብሎት ደወለልኝ። «እታለም፣ በወር 150 ቀረልኝ እኮ!»

«ስንት ዓመት ነው የሰጡህ?» አልኩት።

«30።»

«እስካሁን 10 ዓመት ከፍለሃል። ከዛሬ ጀምሮ እንደገና 30 ማለት 40 ዓመት ነው፤ አይደለም?»

ዝም አለ። በዚያው ምሽት ወረቀቶቹን ይዞ መጣ። አብረን ሠራነው። ያለበት ቀሪ ዕዳ 83 ሺህ 686 ነው። በድሮው ብድር ቢቀጥል በቀሩት 240 ወራት የሚከፍለው 143 ሺህ 892። በአዲሱ፣ ወለዱ ባነሰው ብድር፣ 360 ወር ሲደመር 161 ሺህ 700 ገደማ። ወለዱ በ1 በመቶ ወርዶ እሱ ግን ወደ 18 ሺህ ገደማ ይጨምራል። ይህ እንግዲህ የማዛወሪያውን ክፍያ ሳንቆጥር ነው።

በነጋታው ሄዶ በ5 በመቶው ወለድ ግን በ20 ዓመት እንዲያደርጉለት ጠየቀ። እሺ አሉት። የወር ክፍያው 552 ሆነ፤ ጠቅላላው 132 ሺህ 550 ገደማ። ከድሮው ብድር በ11 ሺህ 300 ያንሳል። ያው አበዳሪ፣ ያው ወለድ ነው። የተለወጠው ዓመቱ ብቻ ነው። ብድር ማዛወር መጥፎ ነገር አይደለም፤ ወንድሜ ተጠቅሞበታል። ሰዓቱን ግን ወደ ዜሮ መመለስ የለበትም።

ተለዋዋጭ ወለድ ያላቸው ሰዎች ደግሞ ሌላ ጭንቀት አለባቸው። በ6 በመቶ ጀምሮ ከ3 ዓመት በኋላ ወለዱ 8 በመቶ ቢደርስ፣ 599.55 የነበረው ክፍያ ወደ 725 ያድጋል። በአንድ ጊዜ ከ5 አንድ እጅ በላይ ጨመረ ማለት ነው። የመጀመሪያዎቹ ዓመታት ወለድ ዝቅ ብሎ የሚቀርብበት ምክንያት አለ። እንዲህ ዓይነት ውል ከመፈረማችሁ በፊት ወለዱ በየስንት ጊዜ እንደሚከለስ፣ በምን መለኪያ እንደሚከለስና የመጨረሻ ጣሪያው ስንት እንደሆነ ጠይቁ። በኋላም በጣሪያው ወለድ የወር ክፍያውን አስሉት። ያንን የማትችሉት ከሆነ በዝቅተኛው መቻላችሁ አያስተማምንም።

«ፍላት» የሚባል ወለድም አለ። ይኼኛው ወለድ የሚታሰበው በቀሪው ዕዳ ላይ አይደለም፤ ዕዳው ቢቀንስም ባይቀንስም በመጀመሪያው ብድር ላይ ነው። 100 ሺህ ለ10 ዓመት በ4 በመቶ ፍላት ቢሰጥ፣ ወለዱ 40 ሺህ ነው፤ የወር ክፍያው 1,166.67። 4 በመቶ ስንሰማ ርካሽ ይመስላል። ይህንኑ የወር ክፍያ በቀሪ ዕዳ ላይ በሚታሰብ ወለድ ብንለካው ግን ከ7 በመቶ በላይ ሆኖ እናገኘዋለን። ስለዚህ ሁለት ብድር ስታወዳድሩ መጀመሪያ ወለዱ በምን ላይ እንደሚታሰብ እወቁ። ካልሆነ የማይወዳደሩ ነገሮችን ነው የምታወዳድሩት።

ከወለዱ ውጪ ያለውን ቶሎ ቶሎ ልለፈው፤ ትንሽ ስለሆነ ግን አይደለም። የቤት ግምት፣ የብድር ማስተናገጃ፣ የውልና የምዝገባ፣ የቤትና የሕይወት መድን። አንዳንድ ቦታ እነዚህ በእጅ ይከፈላሉ፤ አንዳንድ ቦታ «ብድሩ ውስጥ እናካትትልዎ» ይባላል። እንዲካተት ስትስማሙ በእሱም ላይ 30 ዓመት ወለድ እንደምትከፍሉ አስታውሱ። 2 ሺህ ክፍያ ብድሩ ውስጥ ቢገባ በመጨረሻ 4 ሺህ 300 ገደማ ሆኖ ይወጣል። ኤፒአር የሚባለው ቁጥር ወለዱንና ከብድሩ ጋር የሚመጡትን የግድ ክፍያዎች አንድ ላይ አድርጎ በመቶኛ የሚያሳይ ነው። ሁለት አበዳሪ ለማወዳደር ከተራው ወለድ ይልቅ እሱ ይሻላል። በውስጡ ምን ምን እንደተካተተ ግን ጠይቁ።

ቤቱም ራሱ ይበላል። ለጥገና በዓመት የቤቱን ዋጋ 1 በመቶ ገደማ መያዝ በብዙዎች የታወቀ ልማድ ነው። እኛ መጀመሪያ ላይ አናምንበትም ነበር። ጣሪያው ማፍሰስ ሲጀምርና የውኃ መስመሩ ሲፈነዳ አመንን። እስቲ ቤቱ 125 ሺህ ተገዝቶ 25 ሺህ ቅድመ ክፍያ፣ 100 ሺህ ብድር ነው እንበል። ለጥገና በዓመት 1,250፣ በ30 ዓመት 37 ሺህ 500። ከቅድመ ክፍያውና ከብድሩ ክፍያ ጋር ሲደመር ከ278 ሺህ ያልፋል። ግብርና መድን ገና አልገቡም። የ125 ሺህ ቤት ስንል የምንፈርመው ለዚህ ነው።

አንድ የሒሳብ ባለሙያ ጓደኛዬ ይህን ስነግራት ተቃወመችኝ። «የዛሬ 30 ዓመት የምትከፍይውን ከዛሬው ገንዘብ ጋር አትደምሪው» አለችኝ። እውነቷን ነው። የዋጋ ንረቱ በዓመት 3 በመቶ ቢሆን የመጨረሻዋ 599.55 የመግዛት አቅሟ በዛሬው ሲለካ 247 ገደማ ነው። የቤቱም ዋጋ ሊያድግ ይችላል። ይህ ቋሚ ወለድ ላለውና ገቢው ከዋጋው ጋር ለሚያድግ ሰው ትልቅ እፎይታ ነው። ገቢው ቆሞ ለቀረ ሰው ግን 599 ያው 599 ናት። ተለዋዋጭ ወለድ ላለው ደግሞ ዋጋ ሲንር ብዙ ጊዜ ወለዱም አብሮ ይወጣል። እኔ ሁለቱንም አሰላለሁ። ውሳኔ የምወስነው ግን ገቢያችን ባያድግስ በሚለው ነው።

አሁን አንድ ሰው ቤት ሊገዛ ነው ሲባል የምለው አጭር ነው። ከመፈረምህ በፊት የ15፣ የ20 እና የ30 ዓመቱን ሰሌዳ በወረቀት አሳትምና ጎን ለጎን አስቀምጥ። የወር ክፍያውን በወራቱ ብዛት አባዛ። በ5ኛውና በ10ኛው ዓመት ያለውን ቀሪ ዕዳ ፈልገህ አክብብበት፤ መሸጥ ወይም መዛወር ሊመጣ የሚችለው ያኔ ነውና። ሠራተኛው ቢቻኩልም አንተ አትቻኮል። ሰሌዳውን አልሰጥም የሚል አበዳሪ ካለ ሌላ ፈልግ።

እኛ አሁን ሰሌዳችን ማቀዝቀዣው በር ላይ ነው የተለጠፈው። በየወሩ አንድ መስመር እንሰርዛለን። ባለፈው ወር 142ኛውን ክፍያ ከፈልን። ወለዱ 348.65፣ ወደ ዋናው የገባው 350.90። ብድሩን ከወሰድን ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ዕዳችንን የቀነሰው ገንዘብ ከወለዱ በለጠ። በድሮው ሰሌዳ ይህ የሚሆነው በ223ኛው ወር ነበር። ባለቤቴ ሌሎቹን መስመሮች በሰማያዊ ሲሰርዝ ኖሮ፣ ያቺን ግን በቀይ እስክሪብቶ ዙሪያዋን ከበባት።